ያልተቃጠለው ሸሚዝ ምስክርነት

ለተከበረው የይግባኝ ሰሚ ችሎት ዳኞች
ባሉበት

ጉዳዩ፦ ስለ አንድ ሸሚዝ ምስጋና ማቅረብንና ጥቂት ማብራሪያ መጠየቅን ይመለከታል

ክቡራን ሆይ፦

ከሁሉ አስቀድሜ እንደምን ከርማችኋል እያልኩ፣ ጤናችሁ እንደ ወንበራችሁ የጸና፣ እንቅልፋችሁም ማንም የማያባንነው እንዲሆንላችሁ ከልብ እመኛለሁ። በደብዳቤ ወግ እኔም በበኩሌ ደህና ነኝ ማለት ይገባኝ ነበር። ነገር ግን በእናንተ ችሎት ደህና መስሎ የታየ ሰው ምንም እንዳልደረሰበት እንደሚቆጠር ከቅርብ ጊዜ ወዲህ ስለተማርኩ፣ ጤንነቴን በተመለከተ ቃል ያለመስጠት መብቴን ተጠቅሜያለሁ።

እኔ ጡረታ የወጣሁ የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህርት ስሆን፣ በውሳኔያችሁ ውስጥ «ተበዳይ ነኝ ባይ» ተብላ የተጠቀሰችው ልጅ አክስት ነኝ። የታላቅ እህቴ ልጅ ናት፤ እናቷ ካረፈች ወዲህ ከእኔና ከባለቤቴ ጋር ነው ያደገችው። በአንድ ላውንደሪ ውስጥ ልብስ ተኳሽ ሆና ስትሠራ ሳለ፣ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ የሱቁ ባለቤት ከጀርባ ወዳለው የመተኮሻ ክፍል ገብቶ አስገድዶ ደፈራት። እናንተ ይህን በውሳኔያችሁ ሁሉ «የተባለው ድርጊት» እያላችሁ በጨዋነት አልፋችሁታል፤ እኔ ግን ዕድሜዬን ሙሉ ልጆች ነገርን በስሙ እንዲጠሩ ሳስተምር የኖርኩ ስለሆንኩ ባለጌነቴን ትታገሡኝ ዘንድ እለምናለሁ። የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ልጅቷንም ሰውየውንም ፊት ለፊት ሰምቶ፣ ጥፋተኛ ነው ብሎ ወህኒ አወረደው። እናንተ ደግሞ ማስረጃውን እንደ አዲስ መዝናችሁ፣ ቀሎ አግኝታችሁት፣ በነጻ አሰናበታችሁት።

ውሳኔው የተነበበ ዕለት የፍርድ ቤቱን ደረጃ ስንወርድ ልጅቷ ክንዴን ያዝ አድርጋ፣ እትዬ፣ ከእንግዲህ ይህን ነገር ለሰው ብናገር ፋይዳ አለው ወይስ አፌን ልዝጋ፣ ብላ ጠየቀችኝ። በማስተማር ዘመኔ መልሱን የማላውቀው ጥያቄ ሲገጥመኝ ነገ አንብቤ እነግርሻለሁ የማለት ልማድ ነበረኝ። ስለዚህ ውሳኔያችሁን ከዳር እስከ ዳር አነበብኩት፤ ደግሜም አነበብኩት፤ መልሱን ግን አጣሁት። የምጽፍላችሁም እናንተ ታውቁት እንደሆነ ብዬ ነው።

ባለቤቴ የከተማ አውቶቡስ ሹፌር በነበረበት ዘመን ከትራፊክ ፖሊስ ጋር እንኳ ተከራክሮ የማያውቅ ሰው ስለሆነ፣ ወረቀት ዘርግቼ ሲያየኝ ፊቱ ተለዋወጠ። አንቺ ሴትዮ፣ ለዳኛ እንዲህ ያለ ደብዳቤ ይጻፋል እንዴ፣ በስተእርጅና ልታሳስሪን ነው ወይ አለኝ። የምጽፈው ምስጋና ነው ብዬ አረጋጋሁት። ምስጋናውን እነሆ በተራ ቁጥር አቀርባለሁ።

አንደኛ፤ ስለ ሸሚዙ።

ሰውየው ሲገባ ልጅቷ አንድ ነጭ ሸሚዝ ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ እጅጌውን እየተኮሰች ነበር። ሲይዛት ካውያውን በተረከዙ አቆመችው። የሆነው ሁሉ ሆኖ እርሱ ከወጣ በኋላ ደግሞ ፊቷን ጠርጋ፣ ካውያውን አንስታ፣ የቀረውን እጅጌ ተኩሳ፣ ሸሚዙን ማንጠልጠያ ላይ ሰቀለችው። እናንተም ከዚህ ተነስታችሁ «በጥቃት ላይ ያለ ሰው በእጁ የያዘውን ይጥላል እንጂ በሥርዓት አያስቀምጥም፤ በሸሚዙ ላይ አንዳችም የቃጠሎ ምልክት አለመታየቱና ሥራው ሳይጓደል መጠናቀቁ ተበዳይ ነኝ ባይዋ በተረጋጋ መንፈስ ላይ እንደነበረች ያሳያል» ብላችሁ ጻፋችሁ። እኔ ብዙ ድርሰት አርሜያለሁ፤ እንዲህ ያለ ግን ገጥሞኝ አያውቅም።

የሰውየው ጠበቃ ያን ሸሚዝ በላስቲክ እንደተሸፈነ ከነማንጠልጠያው ይዞ ወደ ችሎት ሲገባ፣ እኔ ሞኟ ከችሎት በኋላ ግብዣ ቢኖርበት ነው ብዬ አስቤ ነበር። ለካስ ምስክር ኖሯል። ቀጥሎም የሸሚዙ ባለቤት፣ አንድ በኢንሹራንስ መሥሪያ ቤት የሚሠሩ ጨዋ ሰው፣ ቀርበው በአተኳኮሱ ቅር እንዳልተሰኙ፣ በተለይ አንገትጌው ግሩም እንደነበረ በመሐላ አረጋገጡ። የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ዳኛ ሸሚዙንም አዩ፣ ልጅቷንም አዩ፣ ከሁለቱ ልጅቷን አመኑ። እናንተ ልጅቷን ሳታዩ ሸሚዙን አመናችሁ።

አሁን ማብራሪያ የምጠይቅበት ላይ ደርሻለሁ። ካውያ ተደፍቶ እንደማይቀመጥ ለልጅቷ ያስተማራት ይኸው ሰውዬ ነው። ሥራ በጀመረችበት ሰሞን አንድ መጋረጃ ላይ ቡናማ ምልክት ስላተረፈች በሠራተኞቹ ሁሉ ፊት አዋርዷታል፤ ከዚያ በኋላ እጇ ጭንቅላቷን ሳይጠይቅ ካውያውን ማቆም ለመደ። ቤት ውስጥ እንኳ የሻይ ማንኪያ በተረከዙ ለማቆም ስትሞክር አይቼ ስቄባት አውቃለሁ። እንግዲህ ሰውየው ራሱ በጩኸትና በስድብ ያስተማራት ነገር በመጨረሻው ራሱን ነጻ አወጣው ማለት ነው። በማስተማር ዘመኔ ብዙ ምስጋና አግኝቻለሁ፤ ተማሪዬ ትምህርቱን በሚገባ ስለያዘች ብቻ ከወንጀል የዳንኩበት ቀን ግን የለም።

ሸሚዙ ተቃጥሎ ቢሆን ኖሮስ ብዬም አስባለሁ። ያን ጊዜ ልጅቷ በዝርክርክነቷ ንብረት አቃጥላ፣ ከተጠያቂነት ለማምለጥ ታሪክ ፈጠረች ይባል እንደነበር አያጠራጥርም፤ የኢንሹራንሱ ሰውዬም ለዚህ የሚሆን እውቀት አላቸው።

ሁለተኛ፤ ስላልተሰማው ጩኸት።

ከላውንደሪው አጠገብ ባለች ጠባብ ሱቅ አንድ ሰዓት ሠሪ አለ፤ ሽማግሌ ነው፣ ቀኑን ሙሉ ማጉያ መነጽሩን ዓይኑ ላይ ሰክቶ ይውላል። እናንተ በውሳኔያችሁ «ግድግዳ የሚጋራው ጎረቤት ምንም ዓይነት የድረሱልኝ ድምፅ አልሰማም» ብላችኋል። እውነት ነው፣ አልሰማሁም ብሏል። ነገር ግን በዚያው ትንፋሽ፣ እንደዚያ ቀን የልብስ መጭመቂያው ማሽን ሲዞር እንኳን ከግድግዳ ወዲያ ያለ ሰው ራሴ የምጠግነው ሰዓት ሲደውል አልሰማውም፣ ጥርሴ ውስጥ ብቻ ነው የሚነዝረኝ ብሎም ነበር። እናንተ ከቃሉ ግማሹን ወስዳችሁ ግማሹን ለእርሱ መልሳችሁለታል። ስለ ቁጠባችሁ አመሰግናለሁ።

ያ ላውንደሪ እንደ ሌላው ሱቅ በሩ ላይ ደወል እንኳ የለውም። ደወሉ ስለማይሰማ፣ ደንበኛ በሩን ሲከፍት መተኮሻ ክፍሉ ውስጥ የሚበራ ቀይ አምፖል ነው የተገጠመው። ደወል በማይሰማበት ቤት ልጅቷ ለምን አልተሰማችም ብሎ መጠየቅ ምራቃቸውን ከዋጡ ሰዎች አይጠበቅም ነበር፤ ግን ተጠየቀ። እርሷም ድምፄ እምቢ አለኝ፣ አፌን ከፈትኩ ምንም አልወጣም ብላ ተናገረች። ይህ በእናንተ ብዕር «ድምፅ ማሰማት እየቻለች ያላሰማች» ሆነ። አንደኛው ዐረፍተ ነገር በምን ዓይነት ትርጉም ሌላው እንደሆነ እስካሁን አልገባኝም።

ሦስተኛ።

ሦስተኛውን ባለቤቴ ትከሻዬ ላይ ሆኖ አነበበና በእናትሽ ይህንንስ ተይው ብሎ ስለለመነኝ ሰርዤዋለሁ። ሴት ልጅ ያላችሁ እንደሆነ የሚጠይቅ ነበር። የሰውን የግል ጉዳይ በአደባባይ መጠየቅ ነውር ነውና ይቅርታ እጠይቃለሁ። ነውርነቱን የተረዳሁት የእህቴ ልጅ በሰው ሁሉ ፊት ከዚህ ቀደም የወንድ ጓደኛ ነበራት ወይ፣ ስንት፣ እስከ ምን ድረስ እየተባለች ስትጠየቅ ነው።

አራተኛ፤ ስለ ሹራቡ።

ልጅቷ ለፖሊስ ቃሏን ስትሰጥ ሰውየው ግራጫ ሹራብ ለብሶ ነበር አለች፤ በችሎት ደግሞ ቡናማ አለች። እናንተም ይህን «መሠረታዊ ቅራኔ» ብላችሁ ሰይማችሁ አንድ ሙሉ ገጽ ሰጥታችሁታል። ሰውየው በበኩሉ ለፖሊስ በዚያ ቀን ሱቅ ጭራሽ አልገባሁም አለ፤ በችሎት ደግሞ ገብቼ ማሽኑን አይቼ ወጣሁ አለ። ይህ በውሳኔያችሁ ውስጥ ሁለት መስመር አግኝቷል፤ እርሱም «ተከሳሹ በድንገተኛ ክስ ምክንያት በደረሰበት ድንጋጤ የተናገረው ስለሆነ ክብደት አይሰጠውም» የሚል ነው። ለካስ በችሎታችሁ ድንጋጤ የሚባል ነገር አለ! እኔ እኮ ስለ ሸሚዙ የጻፋችሁትን ካነበብኩ በኋላ በሕግ የታገደ መስሎኝ ነበር። አንድ ጥያቄ ብቻ አለኝ፤ ድንጋጤው በማመልከቻ የሚገኝ ከሆነ ማመልከቻው ለየትኛው ክፍል እንደሚቀርብ ብታሳውቁኝ፣ ለልጅቷም ከእርሱ የተረፈ ትንሽ እናስፈቅድላት ነበር።

አምስተኛ፤ ስለ ዝምታዋ።

ይህኛው ላይ ቀልዴን ትንሽ ገታ አደርጋለሁ። በመጀመሪያው ፍርድ ቤት እኔ ቃሌን ቀድሜ ሰጥቼ ስለነበር፣ ልጅቷ ስትመሰክር ዳኛው አጠገቧ እንድቀመጥ ፈቅደውልኝ ነበር። ጠበቃው ለምን ወዲያውኑ አልተናገርሽም ብሎ ሲጠይቃት ልትመልስ ጀመረች፤ ለቅሶ ቀደማት፤ የጠረጴዛውን ጠርዝ በሁለት እጇ ይዛ ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ነበር። ዳኛው ብዕራቸውን አስቀመጡ፣ ውሃ አስመጡላት፣ ጠበቃውንም ቆይ አሉት። ክፍሉ ውስጥ የነበረ ሰው ሁሉ አንገቱን ደፋ፤ በር ላይ የቆመው ፖሊስ እንኳ ወደ ግድግዳው ዞረ።

የችሎቱ መዝገብ ያዥ ወጣት ሴት ናት፤ ፈጣን ናት፤ በምንም አልወቅሳትም። የተባለውን እንድትጽፍ እንጂ የታየውን እንድትጽፍ ማንም አላዘዛትም። ስለዚህ ያን ሁሉ በሦስት ቃላት ጠቀለለችው፤ «ምስክሯ ዝም አለች»። ኋላ በኮሪደሩ አግኝቼ ጠይቄያት፣ ማዘር፣ ለቅሶ የሚጻፍበት ቦታ የለንም እኮ፣ ሁልጊዜም እንደዚያ ነው የምንጽፈው አለችኝ፤ ዓይኗ ቀልቶ ነበር።

መዝገቡ ወደ እናንተ ሲመጣ ውሃው፣ ጠረጴዛውና ትከሻዋ እዚያው ቀሩ። «ምስክሯ ዝም አለች» የሚለው ብቻ መጣ። እናንተም እርሱን አንስታችሁ «ለዋነኛው ጥያቄ መልስ መስጠት ያልቻለች» አላችኋት። ያያት ሰው ያመናትን፣ ያላያት ሰው እንዳትታመን ወሰነባት። ሐኪም በሽተኛውን ሳያይ ከጎረቤት ሐኪም ማስታወሻ ላይ አንብቦ ተነስ፣ አልታመምክም ቢል እንደው ጉድ እንል ነበር። ክቡራን፣ አንድ ጊዜ እንኳ ጠርታችሁ ብታዩዋት ምን ነበረበት? ወንበርም ውሃም ይዘን እንመጣ ነበር።

ስድስተኛ፤ ስለ ዘመዶችና ስለ ባዕዶች።

ልጅቷ ነገሩን መጀመሪያ የነገረችው ለእኔ ነው፤ በዚያው ዕለት ሳይሆን ሰነባብታ፣ ሽንኩርት እየላጥን ሳለ፣ ቀና ሳትል። ሽንኩርቱን የመረጠችው ዓይኗ ለምን እንዳለቀሰ እንዳልጠይቃት መሆኑ የገባኝ ኋላ ነው። ሐኪም ዘንድ የሄድነውም ከዚያ በኋላ ስለሆነ ሐኪሙ ምልክት አላገኘም። እናንተ የእኔን ቃል «ከሥጋ ዝምድና የመነጨ» ብላችሁ አለፋችሁት። ትክክል ናችሁ፣ ከሥጋ ዝምድና የመነጨ ነው፤ ዘመዴ ባትሆን ኖሮ ሽንኩርት ይዛ ወደ እኔ ባልመጣች ነበር። ልጆች እንዲህ ያለውን ነገር ለማያውቁት የመንገድ ሰው ቢናገሩ ለማስረጃ ምቹ እንደሚሆን ይገባኛል።

ለሰውየው መልካም ጠባይ የመሰከሩት ደግሞ ሦስት ሰዎች ናቸው፤ የሚስቱ ወንድም፣ የንግድ ሸሪኩና ቤቱን የተከራየው ሰው። ሦስቱም በውሳኔያችሁ «ገለልተኛ» ተብለዋል። የሚስቱ ወንድም በመሐላ፣ እርሱ ዝንብ እንኳ የማይነካ ሰው ነው ብለዋል። ዝንብ ስላልከሰሰችው ይህን የሚያስተባብል የለንም።

በዚሁ አጋጣሚ ከሦስታችሁ አንደኛዋን ዳኛ በተለየ ላመሰግን እወዳለሁ። እርሳቸው በአምስት መስመር በውሳኔው እንደማይስማሙና የመጀመሪያው ፍርድ ሊጸና ይገባ እንደነበር ጽፈዋል። ብቻቸውን ስለነበሩ ግን ቃላቸው ደጋፊ ማስረጃ አላገኘም።

ክቡራን ሆይ፣ እኔ ሰው ስወቅስ መፍትሔ ሳላቀርብ የማልፍ ሰው አይደለሁም። ለሴት ሠራተኞች የሚሰጥ አጭር መመሪያ ብታዘጋጁ፣ በየሱቁ ግድግዳ የእሳት አደጋ መከላከያ ማስታወቂያ ከሚለጠፍበት አጠገብ ይለጠፍልን ነበር። መመሪያው አንዲት ሴት ጥቃት ሲደርስባት በቅድሚያ የልብስ መጭመቂያውን ማሽን እንድታጠፋ፣ ቀጥሎ ጎረቤት ሰዓት ሠሪ ማጉያውን ከዓይኑ አውልቆ እስኪዘጋጅ ድረስ በትዕግሥት እንድትጠብቅ፣ ከዚያ ጠርቶ በሚሰማ ድምፅ እንድትጮህ፣ በመሐሉ የአጥቂውን ሹራብ ቀለም በቀን ብርሃን እንድታረጋግጥ፣ በእጇ ያለውን የደንበኛ ልብስም በሚገባ ነገር ግን ከልክ ባላለፈ ሁኔታ እንድታቃጥል ሊያዝዝ ይችላል። ስታለቅስም ቃል እየተናገረች እንድታለቅስ፣ አለዚያ ለቅሶዋ መዝገብ ላይ እንደማይገባ ቢጠቀስ መልካም ነው። በቋንቋው በኩል እርማት ካስፈለገ እኔ ያለ ክፍያ አርማለሁ።

ይህን ሁሉ ከቀለድኩ በኋላ አንዱን በቀጥታ ልናገር። ተናድጃለሁ። ከተናደድኩ ብዙ ጊዜዬ ነው። ቤታችን ውስጥ ካውያ የሚነካ ሰው የለም። እርሷ አትነካም፣ እኛም እርሷ ባለችበት አንነካም፤ ባለቤቴ ያ ሁሉ ዘመን ደንብ ልብሱን እንደ ሰንደቅ ሲያስተኩስ የኖረ ሰውዬ፣ አሁን የተጨማደደ ሸሚዝ ለብሶ ገበያ ይወጣና ጓደኞቹ ሲያሾፉበት የዘመኑ ፋሽን ነው ይላቸዋል። ልጅቷ ድሮ ሳቂታ ነበረች፤ ስትስቅ ጎረቤት ይሰማት ነበር። አሁን በር ሲዘጋ ትነሳለች። ከጀርባዋ ሰው ካለ ሻይ አትጠጣም። እናንተ ይህን አልመዘናችሁትም፤ መዝገብ ላይ የለምና አልፈርድባችሁም፤ ግን አለ።

ሰውየው ከወህኒ እንደወጣ ሱቁን ቀለም ቀባ። በመስኮቱም ላይ «ሴት ልብስ ተኳሽ እንፈልጋለን፤ ልምድ አያስፈልግም» የሚል ወረቀት ለጠፈ። ወረቀቱን መጀመሪያ ያየው ባለቤቴ ነበር፤ ገበያ ደርሶ ሲመለስ የያዘውን ዘንቢል ሳያስቀምጥ መሐል ወለሉ ላይ ቆሞ ቀረ። ለልጅቷ እንዳንነግራት ተማከርን። እርሷ ግን ምክራችንን ከክፍሏ ሰምታው ኖሯል።

በማግስቱ ጠዋት ጫማዋን አድርጋ ወጣች። ብቻዋን ከቤት ከወጣች ስንት ወር እንደሆናት እኔ ነኝ የማውቀው። ተከትያት ሄድኩ፤ ላውንደሪው ፊት ለፊት፣ ከመንገዱ ማዶ፣ የዛፍ ጥላ ሥር ቆማ አገኘኋት። ሥራ ፈላጊ ልጃገረዶች ወረቀቱን አንብበው ወደ በሩ ሲያመሩ ተሻግራ ትደርስባቸዋለች፤ ደህና አደርሽ እህቴ፣ እኔ እዚያ ቤት እሠራ ነበር ብላ ትጀምርላቸዋለች። ቀጥሎ የምትለውን እናንተ ታውቁታላችሁ፣ መዝገቡ እጃችሁ ላይ ነው። አንዳንዷ ቆማ ትሰማታለች፣ አንዳንዷ ደንግጣ ትሄዳለች፣ አንዷ ግን እጇን ይዛ አልቅሳለች። እስካሁን አንዲትም ልጅ ያን በር ከፍታ አልገባችም። ዕለት ዕለት ትቆማለች። ለጠየቀችኝ ጥያቄ እኔም እናንተም መልስ ሳንሰጣት እርሷው መልሳዋለች፤ እኔም በበኩሌ አፌን ሞልቼ ኮርቼባታለሁ እላለሁ።

እንግዲህ ጊዜያችሁን ስለወሰድኩ ይቅርታ እየጠየቅሁ፣ ስለ ሸሚዙ ንጽሕና፣ ስለ ሹራቡ ቀለም፣ ስለ ተቆጠበው የሰዓት ሠሪ ቃልና ለአንድ ወገን ስለተፈቀደው ድንጋጤ ያለኝን ጥልቅ ምስጋና ዳግመኛ እገልጻለሁ። ብዕራችሁ አይንጠፍ፣ ካባችሁ አይጨማደድ፣ ልጆቻችሁም በሄዱበት ሁሉ የሚያያቸው ዳኛ ይግጠማቸው።

እናንተን በማክበር ተወዳዳሪ የሌላት፣
የልጅቷ አክስትና ከሥጋ ዝምድና የመነጨች ምስክር፣
ጡረተኛ መምህርት

ግልባጭ፦
ለሰዓት ሠሪው፣ የቃሉን ቀሪ ግማሽ እንዲረከብ
በአምስት መስመር ለተለዩት ዳኛ፣ ብቻቸውን እንዳልሆኑ እንዲያውቁት
ለባለቤቴ፣ ለመረጃ ያህል

ድኅረ ጽሑፍ፦ ይህን ደብዳቤ አሽጌ ልልክ ስል ለልጅቷ ከፖሊስ መጥሪያ መጣላት። ሰውየው ሱቄ ፊት ለፊት ቆማ ስሜን ታጠፋለች ብሎ ከሷታል። ጣቢያ ሄጄ ጠየቅሁ። የቀረበው ማስረጃ የእርሱ ቃል ብቻ ነው። ስሙ ሲጠፋ ጮኾ እንደሆነ የጠየቀው የለም፤ ለምን በዚያው ዕለት እንዳልተናገረ፣ ምን ለብሳ እንደነበረች፣ ከዚያ በኋላ ሱቁን ከፍቶ በሰላም ሲሠራ እንዴት እንደዋለ የጠየቀውም የለም። ተናገረ፣ ታመነ፣ ተጻፈ። ባለቤቴ መጥሪያውን አነበበ፣ መነጽሩን አወለቀ፣ ቀጥሎም በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ጻፊ፣ ይህንንም ጨምሪ አለኝ።

ስለዚህ ጨምሬያለሁ። ልጅቷ ከእንግዲህ ተከሳሽ ናት፤ ነገሩም ዞሮ ዞሮ እናንተ ዘንድ መድረሱ አይቀርም። ሰውየውን ስታሰናብቱ «ጥርጣሬ በተፈጠረ ጊዜ ተጠቃሚው ተከሳሹ ነው» ብላችሁ ነበር። እኛ ሳናውቅ ኖሮ እንጂ፣ በእናንተ ፊት ለእርሷ የሚደላው ቦታ የተከሳሽ ሳጥን ኖሯል። እዚያ ቆማ ያንኑ ቃሏን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ትነግራችኋለች። አሁንም ትጠራጠሩ እንደሆነ፣ እባካችሁ በዚህኛው ዙር ለእርሷ ጠርጥሩላት።